ቀኑ ሳያልፍ
በአምበር ለተሰበሰበ ጉባኤ ስለ ቀበሌ ምርጫ አቤቱታና ስለ ጊዜ ገደቡ የተደረገ ዲስኩር



ስትጋብዙኝ «ስለ ሕግ አንድ የሚጠቅመንን ነገር ንገረን» ነበር ያላችሁኝ። ሕግ ሰፊ ነው፤ በአንድ ከሰዓት በኋላ አያልቅም። በጥብቅና ሥራ በቆየሁባቸው ዓመታት ግን ከሁሉ አብልጦ ሲያሳዝነኝ የኖረ አንድ ነገር አለ። እሱም እውነት ይዞ፣ ምስክር ቆጥሮ፣ ሰነዱን በፌስታል ጠቅልሎ መጥቶ፣ ቀኑ አልፎበት ወደ ቤቱ የተመለሰ ሰው ነው። ዳኛው «ውሸትህን ነው» አላለውም። «ጊዜው አልፏል» ብቻ ነው ያለው። ይህን ቃል የሰማ ሰው ፊት እንዴት እንደሚሆን ያየ አይረሳውም።

ስለዚህ ዛሬ የማወራችሁ ስለ ቀን ነው። በተለይም ለቀበሌ ምክር ቤት ምርጫ ሲደረግ ቅር የተሰኘ ሰው አቤቱታውን ማቅረብ ስላለበት ቀን። በመጀመሪያ የጊዜ ገደብ የሚባለው ነገር ለምን እንዳስፈለገ እናገራለሁ። ቀጥዬ የምርጫው ገደብ ከሌላው ሁሉ ለምን እንዳጠረ፣ ከዚያም እኛ ለምን እንደምንዘገይ፣ በመጨረሻም ምን ማድረግ እንደምንችል እናያለን። ሦስተኛው ላይ ረዘም አድርጌ እቆያለሁ፤ ሕመማችን ያለው እዚያ ነውና።

በዚህ በምንኖርበት ጊዜ ስለ ምርጫ ማውራት ለአንዳንዶቻችሁ ሩቅ እንደሚመስል አውቃለሁ። ሰላምን የምንለምን ሰዎች ነን። ነገር ግን ሰላም ሲሰፍን የመጀመሪያው ጥያቄ «ማን ያስተዳድረን?» የሚለው ነው። ያን ጊዜ ዝግጁ ሆኖ የሚገኝ ሕዝብ ደግሞ ከወዲሁ የተነጋገረ ሕዝብ ነው።

ወደ መጀመሪያው ነጥብ ልግባ።

አባቶቻችን አቤቱታን የሚያውቁት ከእኛ በተሻለ ነው። ንጉሥ ሲያልፍ መንገድ ዳር ቆሞ «አቤት! አቤት!» ማለት፣ በዙፋን ችሎት መቆም፣ በላ ልበልሃ እየተባባሉ መሟገት የዚህ አገር ሰው ጥበብ ነበር። ያ አቤቱታ ግን ቀን አልነበረውም። አመልካቹ እድሜ ልኩን ደጅ ሊጠና ይችላል፤ ሰሚውም እድሜ ልኩን ላይመልስለት ይችላል።

የጎጃምን ነገር አስቡት። በ1960 ዓ.ም. የእርሻ ገቢ ግብር አዋጅ ሲወጣ ገበሬው መሬቴ ሊለካብኝ፣ ርስቴ ሊነካብኝ ነው ብሎ ሠጋ። ሽማግሌ መርጦ እስከ አዲስ አበባ ልኮ አቤት አለ። እዚህ ከተቀመጣችሁት መካከል የዚያን ጊዜ ልጅ የነበራችሁ ትኖራላችሁ። ያ አቤቱታ በየትኛው በር እንደሚገባ፣ በስንት ቀን መልስ እንደሚያገኝ የሚወስን ሥርዓት አልነበረም። ነገሩ ወደ ጠመንጃ ሄደ፤ ጦር ተላከ፤ አውሮፕላን ሳይቀር ቦምብ ጣለ። ጠቅላይ ገዢው ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁ ሥላሴ ከሥልጣን የተነሡትና ውዝፉ ግብር የተማረው ብዙ ደም ከፈሰሰ በኋላ ነው። ያን መልስ በወረቀትና በቀጠሮ መስጠት በተቻለ ነበር።

እኔ ከዚህ የምወስደው ትምህርት ይህ ነው፤ እባካችሁ ያዙልኝ። የጊዜ ገደብ አመልካቹን ብቻ ሳይሆን ሰሚውንም የሚያስር ገመድ ነው። አንተ በዚህ ቀን ውስጥ አምጣ፤ እኔም በዚህ ቀን ውስጥ እመልሳለሁ። አንዱ ጫፍ ብቻ ከታሰረ ገመድነቱ ቀርቶ ማነቆ ይሆናል። ይህን በኋላ እመለስበታለሁ።

በጽሑፍ የሰፈሩት ሕጎቻችን ይህን ገመድ በየጉዳዩ ለክተውታል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሌላ ልዩ ጊዜ ላልተቀመጠለት የውል ጉዳይ 10 ዓመት ይሰጣል። ይህን ነው ይርጋ የምንለው። ውርስ የተነጠቀ ወራሽ መብቱንና ንብረቱ በሌላ ሰው እጅ መግባቱን ካወቀ በ3 ዓመት ውስጥ መክሰስ አለበት፤ በመርሕ ደረጃ ደግሞ 15 ዓመት ካለፈ በር ይዘጋል። በፍርድ የተረታ ሰው ይግባኝ የሚልበት ጊዜ በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ 60 ቀን ነው። ቁጥሩ እንዴት እየወረደ እንደሚመጣ ተመልከቱ። 10 ዓመት፣ 3 ዓመት፣ 60 ቀን። ምርጫ ላይ ስንደርስ በጥቂት ቀናት፣ አንዳንዴም በሰዓት ወደሚቆጠር እንወርዳለን።

ለምን? ሁለተኛው ነጥቤ ይኸው ነው።

ገበሬ ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ለጤፍ የሐምሌ ጊዜ ካለፈ ነሐሴ ላይ ጥሩ በሬ፣ ጥሩ ዘር፣ ጥሩ ጉልበት ቢኖርም ምርቱ እንደዚያው አይሆንም። ምርጫም እንዲህ ነው። የተመረጠው ምክር ቤት መቀመጥ አለበት፤ አፈ ጉባኤውን፣ አስተዳዳሪውን መሰየም አለበት፤ የቀበሌው ማህበራዊ ፍርድ ቤት ዳኞች መሾም አለባቸው። ክርክሩ ዓመት ቢፈጅ ወይ ቀበሌው ያለ አስተዳደር ይቀራል፣ ወይ ደግሞ መመረጡ የሚያጠራጥር ሰው ዓመቱን ሙሉ መታወቂያ ሲሰጥ፣ የመሬት ነገር ሲወስን ይከርማል። ሁለቱም ክፉ ነው። ማስረጃው ራሱም ቶሎ ይጠፋል። ኮሮጆ ይከፈታል፤ ወረቀት ይቃጠላል ወይ ይቦጨቃል፤ ታዛቢ ወደ እርሻው ይመለሳል፤ ያየውንም ይረሳል።

በሌላው ዓለምም ነገሩ ከዚህ አይርቅም። በህንድ ለምክር ቤት የተመረጠን ሰው ምርጫ ለመቃወም 45 ቀን ይሰጣል። በእንግሊዝ የአካባቢ ምክር ቤት ምርጫን የሚቃወም ሰው 21 ቀን አለው። ጎረቤታችን ኬንያ ደግሞ ከሁሉም ጠበቅ አድርጋ፣ በፕሬዚዳንት ምርጫ ላይ አቤቱታ ለማቅረብ 7 ቀን፣ ለጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ውሳኔ ደግሞ 14 ቀን በሕገ መንግሥቷ ጽፋለች። በ2009 ዓ.ም. የሆነውን ብዙዎቻችሁ በሬዲዮ ሰምታችኋል። ውጤቱ ነሐሴ 5 ቀን ተነገረ። ተቃዋሚው ራይላ ኦዲንጋ አቤቱታቸውን ያስገቡት በመጨረሻው ቀን፣ በነሐሴ 12 ነው። ፍርድ ቤቱም ነሐሴ 26 ቀን ምርጫውን ሰረዘ። በአፍሪካ የፕሬዚዳንት ምርጫ በፍርድ ቤት ሲሰረዝ ያ የመጀመሪያው ነው። አንድ ቀን ዘግይተው ቢሆን ኖሮ ያ ፍርድ አይኖርም ነበር። ደግሞም አስተውሉ፦ ዳኞቹም በቀናቸው ጨረሱ። ገመዱ በሁለቱም ጫፍ ታስሯል።

በእኛ አገር የሚሠራው የምርጫ፣ የፖለቲካ ፓርቲዎች ምዝገባና የምርጫ ሥነ ምግባር አዋጅ ቁጥር 1162/2011 ነው። በዚህ አዋጅ መሠረት አቤቱታ የሚጀምረው ከታች ነው። በምርጫ ጣቢያው ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ አለ፤ ከፍ ብሎ በምርጫ ክልሉ ሌላ ኮሚቴ አለ። ከዚያ በላይ ብሔራዊ ምርጫ ቦርድ አለ። ቦርዱ በሰጠው ውሳኔ ያልረካም በፍርድ ቤት መከራከር ይችላል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊያልቅ የሚገባውን ነገር ወደ ፍርድ ቤት የመውሰድ መብት ተሰጥቶታልና።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ለይታችሁ ያዙ። ምርጫ አንድ ቀን ብቻ የሚሆን ነገር አይደለም። መራጭ የሚመዘገብበት ጊዜ አለ፤ እጩ የሚመዘገብበት ጊዜ አለ፤ ድምፅ የሚሰጥበት ቀን አለ፤ የሚቆጠርበትና ውጤት የሚገለጥበት አለ። እያንዳንዱ የራሱ አቤቱታ፣ የራሱ ቀን አለው። የጎረቤቴ ልጅ ስሙ ከመዝገብ ቀረ የምትል ከሆነ ቦታው የምዝገባው ጊዜ ነው። ያኔ ዝም ብለህ ውጤት ከተነገረ በኋላ «ለካ መዝገቡ ጎዶሎ ነበር» ብትል፣ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ይሆናል። የተዘጋ ደረጃ ተመልሶ አይከፈትም።

ቀን ጠብቆ የተከራከረ ሰው ደግሞ ያገኛል። በ1997ቱ ምርጫ ከቀረበው ብዙ አቤቱታ ተመርምሮ በ31 የምርጫ ክልሎች ድጋሚ ምርጫ ተወስኖ፣ ነሐሴ 15 ቀን 1997 ዓ.ም. ሕዝቡ እንደገና ወጥቶ መርጧል። ያ ዘመን የብዙ ሐዘን ዘመን እንደ ነበር አልዘነጋሁም። ቢሆንም አቤቱታ የምርጫ ውጤትን ማስደገም እንደሚችል በዚህ አገር ታይቷል። በ2013 ዓ.ም. ደግሞ የባልደራስ ፓርቲን ጉዳይ አስታውሱ። በእስር ላይ የነበሩት መሪዎቹ በእጩነት ልንመዘገብ ይገባል ብለው ተከራከሩ፤ ጉዳዩ ደረጃ በደረጃ ወጥቶ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ደረሰ። ችሎቱ በግንቦት ወር ይመዝገቡ ብሎ ወሰነ። ምርጫው ሰኔ 14 ነው። ምርጫ ቦርድ የድምፅ መስጫው ወረቀት ታትሟልና መፈጸም ይከብደኛል ብሎ ነበር፤ በኋላ ግን ውሳኔውን ተቀብሎ መዘገባቸው። የፓርቲው ነገር ለማንም ይሁን፤ እኔ የማሳያችሁ ጊዜውን ነው። ፍርዱ ሁለትና ሦስት ሳምንት ቢዘገይ ኖሮ መብታቸው በወረቀት ላይ ብቻ ይቀር ነበር።

አሁን ወደ ሦስተኛው ልሂድ። ለምን እንዘገያለን?

ሰው «ሕግ ስለማናውቅ ነው» ይላል። እውነት አለው፤ ግን ትልቁ ምክንያት አይመስለኝም። እኔ ያየሁት ትልቁ ምክንያት ይሉኝታ ነው።

የቀበሌ ምርጫ የፓርላማ ምርጫ አይደለም። የፓርላማው ተወዳዳሪ ሩቅ ነው፤ ፎቶውን ነው የምታውቀው። የቀበሌው ተወዳዳሪ የክርስትና ልጅህ አባት ነው፤ ማኅበር አብራችሁ ትጠጣላችሁ፤ በሬህ ሲታመም በሬውን ያጣመደህ ነው። ጣቢያውን የሚመራው የልጅህ መምህር ነው። ቆጠራው ላይ አንድ ነገር ሲጎረብጥህ ወረቀት አውጥተህ «ቅሬታ አለኝ» ማለት ሰው ላይ ጣት መቀሰር ይመስልሃል። ስለዚህ ዝም ትላለህ። ማታ ቤትህ ገብተህ ለሚስትህ ታማርራለህ። በማግስቱ ለጓደኛህ ትነግራለህ። በሦስተኛው ቀን አንድ ሽማግሌ ይሰማና «እስኪ እኛ እናየዋለን፣ ክስ ምን ያደርጋል» ይላል። እሁድ እንገናኝ ይባላል። እሁድ ሰርግ ይሆናል። በሚቀጥለው እሁድ ሽማግሌዎቹ ሲቀመጡ የአቤቱታው ቀን ካለፈ ሰንብቷል።

ሽምግልናን እየነቀፍሁ አይደለም። በሽማግሌ ያደግሁ ሰው ነኝ፤ ሽምግልና ባይኖር ይህ ገጠር በደም መመላለስ ባለቀ ነበር። ነገር ግን ሽማግሌው የሕጉን ቀን ማቆም አይችልም። ቀኑ ሽምግልናውን አይጠብቅም። እኔ በሕይወቴ ብዙ ጊዜ የደገምሁትን፣ ዛሬም የምደግመውን ምክር ስሙኝ፦ መጀመሪያ አስመዝግቡ፣ ከዚያ ታረቁ። የተመዘገበ አቤቱታን ስትታረቁ ታነሱታላችሁ። ያልተመዘገበ አቤቱታን ግን ዕርቁ ሲፈርስ ከየትም አታመጡትም። ሽማግሌዎችም ይህን ብትረዱልኝ ደስ ይለኛል። «ክሱን ተው» ከማለታችሁ በፊት «አስመዝግበሃል ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ። የተበደለውን ሰው በር ዘግታችሁ አታስታርቁት።

ሁለተኛው የመዘግየት ምክንያት ወረቀት መከልከል ነው። ይህን በራሴ ቤት አይቼዋለሁ።

አጎቴ የድንበር ክርክር ነበረበት። በአንድ ፍርድ ቤት ተረታ፤ የፍርድ ቤቱን ስም አልናገርም። ይግባኝ ለማለት የፍርዱ ግልባጭ ያስፈልገዋል። መዝገብ ቤት ሄደ። «ነገ ና» አሉት። ነገ ሲመጣ «ጸሐፊው የለም»። በሌላ ቀን «መብራት የለም፣ ማተሚያው አይሠራም»። አጎቴ ማንበብ አይችልም፤ እኔ ያኔ ገና ተማሪ ነበርሁ። ወረቀቱን ሲያገኝ ቀኑ ከዚያ የሚቆጠር መስሎት ረጋ አለ፤ ገበያ ወጣ፣ በግ ሸጦ የስንቅና የጠበቃ ገንዘብ ያዘ። ደብረ ማርቆስ ሲደርስ ፍርዱ ከተሰጠ 63 ቀን ሆኖታል። ጊዜ ያለፈበትን ይግባኝ ለማስፈቀድ ሕጉ በር አለው፤ በቂ ምክንያት ማሳየት ነው። አጎቴ ግን ግልባጩን መቼ እንደጠየቀ የሚያሳይ አንዲት ብጣሽ ወረቀት አልነበረችውም። የጠየቀው በአፉ ነው። በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል የሚለውን ተረት እሱ ራሱ ሲነግረን ነበር ያደግነው። መሬቱ ሄደ። እኔ ሕግ የተማርሁት ከዚያ በኋላ ነው።

አሁን ይህን ወደ ምርጫ አምጡት። ይግባኙ 60 ቀን ሆኖ እንዲህ ከሆነ፣ ሰዓትና ቀን የሚቆጠርበት የምርጫ አቤቱታ «ነገ ና» ሲባል ምን ይሆናል? አንድ «ነገ ና» መብቱን ሙሉ በሙሉ ይበላዋል። ስለዚህ የቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ አባል ሆናችሁ የምትቀመጡ፣ በጣቢያ የምትሠሩ፣ ከእናንተ መካከል ነገ ይህ ኃላፊነት የሚሰጣችሁ ወጣቶች፣ ይህን ከልባችሁ ስሙ። ቅሬታውን ባትቀበሉት እንኳ፣ ውድቅ ብታደርጉት እንኳ፣ ውድቅ ያደረጋችሁበትን ወረቀት ጽፋችሁ፣ ቀንና ሰዓት አስፍራችሁ፣ ፈርማችሁ ለሰውየው ስጡት። ውድቅ ማድረግ ሥልጣናችሁ ነው። ወረቀቱን መከልከል ግን ሌብነት ነው። ሌላ ስም ልሰጠው አልችልም፤ የሰውየውን የሚቀጥለውን በር ወስዳችሁበታልና።

እኔ አጭር ቀን አይከፋኝም። ቀኑ አጭር ይሁን፤ ወረቀቱ ግን በዚያው ቀን ይሰጥ። ወረቀት በማይሰጥበት አገር አጭር ቀን ግፍ ነው።

ሦስተኛም ምክንያት አለ፤ ይህኛው ከእኛ ከታች ካለነው አቅም በላይ ነው። ልምምድ አጥተናል። ገበሬ ማህበር ከተቋቋመበት ከ1967ቱ የገጠር መሬት አዋጅ ጀምሮ ቀበሌ ለገጠሩ ሰው የመጀመሪያው የመንግሥት በር ነው። ለዚህ በር የሚመረጡትን ሰዎች በሚያዝያ 2000 ዓ.ም. መረጥን። ያን ጊዜ የአንድ ቀበሌ ምክር ቤት አባላት ቁጥር እስከ 300 ከፍ ተደርጎ፣ በመላ ኢትዮጵያ ከ3 ሚሊዮን የሚበልጥ ወንበር ለውድድር ቀረበ። ሁሉንም ማለት በሚቻል ደረጃ ያሸነፉት የያኔው ገዢ ፓርቲና አጋሮቹ ናቸው። ከዚያ በሚያዝያ 2005 ዓ.ም. ደግሞ 33 ፓርቲዎች አንሳተፍም ብለው ወጡ። ተፎካካሪ በሌለበት ተቃዋሚ አይኖርም፤ ተቃዋሚ በሌለበትም ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ሥራ አይለምድም። ከዚያ በኋላ የአምስት ዓመቱ ዘመን በ2010 ሲያልቅ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት የአካባቢ ምርጫውን አራዘመው፤ በ2011ም እንደገና አራዘመው። በሰኔ 2013 ዓ.ም. ለፓርላማና ለክልል ምክር ቤት ምርጫ ሲደረግ የቀበሌና የወረዳ ምርጫ አልነበረም። በ2005 የተወለደ ልጅ ዛሬ እዚህ ከተቀመጡት ተማሪዎች አንዱ ነው።

ቅድም እመለስበታለሁ ያልሁት ገመድ ይኸው ነው። ከአንዲት የአምበር እናት ቅሬታዋን በሰዓታት ውስጥ እንድታቀርብ የሚጠይቅ ሕግ አለን። ትክክል ነው፤ ታቅርብ። ግን የቀበሌ ምርጫውን ራሱን በቀኑ የማድረግ ግዴታ ያለበት ወገን ዓመታት ሲያሳልፍ ማን «ጊዜው አልፏል» አለው? ዜጋውን በቀን የሚይዝ መንግሥት ራሱም በቀን መያዝ አለበት። ይህን የምለው ማንንም ለመውቀስ ብዬ አይደለም፤ የምርጫን ጊዜ የሚያራዝም ውሳኔ ሲመጣ ሕዝብ መጠየቅ ያለበት ጥያቄ ስለሆነ ነው፦ እስከ መቼ? ቀኑን ንገሩን።

አሁን አራተኛው፣ ምን እናድርግ? ይህ አጭር ነው።

በየምርጫው ቦርዱ የጊዜ ሰሌዳ ያወጣል። ምዝገባው ከመቼ እስከ መቼ፣ ቅሬታ እስከ መቼ የሚለውን እዚያ ታገኙታላችሁ። የሰሌዳው ቅጂ በቤተ ክርስቲያን ደጅ፣ በመስጊድ፣ በትምህርት ቤቱ በር፣ በወፍጮ ቤት ይለጠፍ። ወፍጮ ቤት ያልሄደ ቤተሰብ የለም።

ቀን ስትቆጥሩ ጠባቡን ቁጠሩ። ወረቀቱን የተቀበላችሁበትን ቀን አንድ ብላችሁ ጀምሩ፤ እሁድን፣ በዓሉን አትዝለሉ። ሕጉ ምናልባት ከዚህ የበለጠ ይሰጣችሁ ይሆናል፤ ይስጣችሁ፤ ትርፍ ነው። ዲማ ጊዮርጊስን የመሰለ የቅኔ ቤት ባለበት አገር፣ የጾምና የበዓል ቀን በባሕረ ሐሳብ የሚያወጡ ሊቃውንት በየደብሩ በተቀመጡበት አገር፣ ቀን መቁጠር የሚያቅተን ሰዎች አይደለንም። ካህናቱንም ለዚህ ሥራ ብትጠሯቸው አያፍሩም።

ቅሬታ ስትጽፉ አታስረዝሙ። ማን፣ የት ጣቢያ፣ በስንት ሰዓት፣ ምን ሆነ፣ ማን አየ፣ ምን እንዲደረግ ትፈልጋለህ። ስድብ አይግባበት። «ሌቦች ናቸው» ከሚል አንድ ገጽ፣ «ከቀኑ 9 ሰዓት ላይ በጣቢያው የተወዳዳሪው ወኪል ከድምፅ መስጫው ክፍል እንዲወጣ ተደረገ፤ ሁለት ሰዎች አይተዋል» የሚል አንድ መስመር ዳኛ ፊት ይበልጣል። ሁለት ቅጂ አዘጋጁ፤ አንዱን ስጡ፣ በሌላው ላይ የተቀበለው ሰው ቀንና ሰዓት ጽፎ ይፈርምበት። አልፈርምም ካለ ሁለት ምስክር ይዛችሁ «አልቀበልም ብሎናል» ብላችሁ እዚያው ጻፉና ወደሚቀጥለው በር በዚያኑ ቀን ሂዱ። ውጤቱ ጣቢያው በር ላይ ሲለጠፍ በስልካችሁ ፎቶ አንሱት። ተማሪዎች፣ ይህ የእናንተ ሥራ ነው።

ጠበቃ ለምትይዙ ሰዎችም አንድ ቃል አለኝ፤ እኔም ጠበቃ ነኝና ከራሴ ሙያ ጀምሬ ልናገር። በይግባኝ ሕጋችን ጠበቃው ዘግይቶ ቢያስገባ ያ ለደንበኛው በቂ ምክንያት ተብሎ አይቆጠርለትም። ጥፋቱ የጠበቃው፣ ጉዳቱ የባለጉዳዩ ነው። ስለዚህ ፋይላችሁን ሰጥታችሁ አትተኙ። «አስገብተሃል ወይ? የገባበትን ማስረጃ አሳየኝ» በሉ። የሚቆጣ ጠበቃ ካለ ለውጡት።

ሴቶቻችንን በተለይ ልለምን። በምርጫ ጣቢያ ተሰልፋችሁ ድምፅ ትሰጣላችሁ፤ ቅሬታ ሲጻፍ ግን ስማችሁን አላይም። «የወንድ ነገር ነው» ይባላል። የቀበሌው ውሳኔ ግን በመጀመሪያ የሚደርሰው እናንተ ቤት ነው፤ የውሃ ቦኖው፣ የጤና ኬላው፣ የመሬት ደብተሩ ላይ የሚሰፍረው ስም።

ጉባኤው ሳይበተን አንድ ነገር እንድትፈጽሙልኝ እጠይቃለሁ። ከየዕድራችሁ ሁለት ሁለት ሰው ምረጡ፤ አንዱ ሴት ትሁን፤ ሁለቱም ማንበብና መጻፍ የሚችሉ ይሁኑ። ስማቸውን ለጋበዙኝ መምህራን ዛሬውኑ አስመዝግቡ። እኔ በራሴ ወጪ ተመልሼ መጥቼ ቅሬታ አጻጻፉን፣ የቀን አቆጣጠሩን፣ ከበር ወደ በር የሚኬድበትን መንገድ እያስረዳሁ አንድ ቀን ሙሉ አብሬያቸው እቀመጣለሁ። ሲመጡ ደብተርና እስክሪብቶ ይያዙ።